የቅኔ ቤቱ እንጀራ

ለአማራ ብሔራዊ ክልላዊ መንግሥት ባህልና ቱሪዝም ቢሮ፣ ባሕር ዳር
ለምዕራብ ጎጃም ዞን ባህልና ቱሪዝም መምሪያ፣ ፍኖተ ሰላም
ግልባጭ፦ ለፍኖተ ሰላምና ለቡሬ ከተማ ነዋሪዎች፣ ለየአጥቢያው ሰበካ ጉባኤ

ጉዳዩ፦ በምዕራብ ጎጃም ገጠር ያሉትን የቅኔ ጉባኤ ቤቶች ይመለከታል

ክቡራን፣

ከደምበጫ ወደ ቡሬ የሚሄድ መንገደኛ ፍኖተ ሰላምን አልፎ ብዙም ሳይቆይ ማንኩሳ ይደርሳል። ለሾፌሩ ማንኩሳ ፍጥነት የሚቀንስባት የመንገድ ዳር ከተማ ናት፤ ለመጻሕፍት ወዳጅ ግን የበዛብህ አገር ናት። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. በታተመው ልብ ወለዳቸው «ፍቅር እስከ መቃብር» የቦጋለ መብራቱንና የውድነሽ በጣሙን ልጅ በዛብህን ከዚህ አስነሥተው፣ በየጉባኤ ቤቱ አዙረው፣ ቅኔ አዋቂ አደረጉት። ኋላ ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው መጽሐፉን ያላነበበውም ሰው በዛብህን አወቀው። ደራሲው ይህን ሕይወት በወሬ አልሰሙትም። ራሳቸው በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ የቤተ ክህነት ትምህርት የቀሰሙ የጎጃም ልጅ ነበሩ።

ዛሬ ከማንኩሳ፣ ከጅጋ ወይም ከወንበርማ አንድ ልጅ ተነሥቶ የበዛብህን መንገድ ልሂድ ቢል የት ያድራል? በማንስ እንጀራ ይማራል? ይህን ደብዳቤ የምጽፍላችሁ ስለዚህ ነው። ባህልን ስለ መጠበቅ ሲወራ ስለ ምዝገባ፣ ስለ ቀረጻ፣ ስለ ሙዚየምና ስለ ፌስቲቫል ብዙ ይባላል፤ የእንጀራ ነገር ግን እምብዛም አይነሣም። እኔ የሁለተኛ ደረጃ የአማርኛ መምህር ነኝ። ከልጅነቴም ከአሁኑ ሥራዬም እንደማውቀው የምዕራብ ጎጃም ቅኔ ቤት የተያዘው በእንጀራ ነው፤ ሲፈታም የሚፈታው በዚያው በኩል ነው።

ቅኔ እንደ ሕንፃ ወይም እንደ ብራና መጽሐፍ በአንድ ቦታ ተቀምጦ የሚጠብቅ ቅርስ አይደለም። ለዕለቱ ይቆጠራል፣ በዕለቱ ይባላል። ባለቅኔው ትናንት ያለውን ዛሬ ቢደግም፣ ወይም የሌላውን የራሱ አስመስሎ ቢያቀርብ፣ በሊቃውንቱ ፊት አንገቱን ይደፋል። ስለዚህ ሺህ ቅኔ በስልክም በካሜራም ቀርጸን ብናስቀምጥ ያተረፍነው ያለፈውን ነው፤ የሚመጣው እሑድ ቅኔ ከየት ይምጣ? መልአከ ብርሃን አድማሱ ጀምበሬን የመሰሉ ሊቃውንት ቅኔን በመጽሐፍ ሰብስበው ማቆየታቸው ትልቅ ውለታ ነው። ያለ መምህር ግን መጽሐፍ ብቻውን ተማሪ አያስቀኝም።

በዚህ ነገር የሚመስለን ሕዝብ ሩቅ አገር አለ። በምሥራቅ አንጎላና በአጎራባች አገሮች የሚኖሩት ቾክዌዎች ሶና የሚሉት የአሸዋ ላይ ሥዕል አላቸው። አዋቂው አሸዋውን በእጁ ደልድሎ በጣቱ ጫፍ ነጥቦችን በረድፍ በረድፍ ይተክላል። ከዚያ ተረቱን እየተረከ፣ ጣቱን ሳያነሣ፣ በነጥቦቹ መካከል አንዱን መስመር ያዞረዋል። መሐል ላይ ካመነታ ይሳቅበታል። ተረቱ ሲያልቅ ሥዕሉም እዚያው ይጠፋል። የቅኝ አገዛዝ ዘመን ኑሯቸውን ካናጋው በኋላ ዕውቀቱ በጥቂት አዛውንት እጅ ብቻ ቀርቶ ነበር። ፓውሉስ ገርደስ የተባሉት የሞዛምቢክ የሒሳብ ምሁር በሥዕሎቹ ውስጥ ያለውን የጂኦሜትሪ ብልሃት ለዓመታት አጥንተው ለክፍል ትምህርት እንዲውል ብዙ ጽፈዋል፤ ዩኔስኮም ሶናን በ2016 ዓ.ም. በማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ አስፍሮታል። የሥዕሎቹ ቅጂ እንግዲህ በወረቀት ላይ አለ። ጣቱን ሳያነሣ የሚስለው ሰው ግን ከወረቀት አይወጣም፤ አዋቂው አጠገብ ተቀምጦ፣ ተስቆበት፣ ደግሞ ሞክሮ ነው የሚገኘው።

የእኛን ደግሞ በቅርብ ላሳያችሁ። ከማንኩሳ ወደ ቡሬ በሚወስደው መንገድ ግራና ቀኝ ካለው ገጠር አንድ የማውቀው ጉባኤ ቤት አለ። የቦታውንም የመምህሩንም ስም አልጠራም፤ ሳላስፈቅዳቸው ስማቸውን አደባባይ ማውጣት ነውር ነው። የተማሪዎቹ ጎጆዎች ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጪ ተጠጋግተው ቆመዋል፤ ጣራቸው ሣር ነው፣ አንዳንዱም ላይ ላስቲክ ጣል ተደርጎበታል። ሠርክ ላይ የኔታ ከዋርካው ሥር ይቀመጡና ተማሪው በተራ ይቀርባል። እኔ በደረስኩበት ምሽት ተራው የአንድ ለግላጋ ልጅ ነበር፤ ከደበሎው ሥር የአርሰናል ማሊያ ለብሷል።

ልጁ ከዛፎቹ ሥር ሲቆጥራት የቆየው ጉባኤ ቃና የምትባለውን ቅኔ ነው። ሁለት ቤት ብቻ ስለሆነች ቀላል ትመስላለች፤ የሞከራት ያውቃታል። ሰሙ በኮረብታው ላይ የቆመው የቴሌ ማማ ነው፤ ወርቁን የያዕቆብን መሰላል ሊያደርግበት ፈልጓል። በዚያ መላእክት ይወጡ ይወርዱ ነበር፣ በዚህ ደግሞ የሰው ድምፅ ይወጣል ይወርዳል። የኔታ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ አገጫቸውን በመቋሚያው ላይ አስደግፈው ሰሙትና መጀመሪያ ሳቁ። ቀጥለው «ማማህስ ቆሟል፤ ወርቅህ ግን ገና ከመሬት አልተነሣም» አሉት። የሁለተኛው ቤት ግስ ከባለቤቱ ጋር አልተስማማም፤ ዜማውም ላይ ልኩ ይጎድላል። «ሂድና አስበው» ብለው ሸኙት። ቅር አላለውም። ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ ወደ ዛፎቹ ተመለሰ።

ይህን ያነሣሁት ዘመናዊ ኑሮ ቅኔን ገደለ የሚለውን ሮሮ ስለማልቀበል ነው። ስልኩም፣ ባጃጁም፣ በ2013 ዓ.ም. ቡሬ ላይ የተመረቁት የአግሮ ኢንዱስትሪ ፓርክና የምግብ ዘይት ፋብሪካም ለባለቅኔ ሰም ናቸው፤ ቅኔ የዘመኑን ነገር ሁሉ የሚውጥ ሆድ አለው። ባዶ የሆነው የተማሪው ሆድ ነው።

ያን ምሽት የልጁን አኩፋዳ አይቼዋለሁ። ሁለት የበቆሎ ቂጣ ቁራሽ፣ ያደረ የዳጉሳ እንጀራ፣ ከሥር ጥቂት ቆሎ። እንጀራው በአንድ ወገን ሻግቷል፤ ሻጋታውን በጥፍሩ ፍቆ ቀሪውን ለነገ ድርቆሽ ሊያሰጣው ነው። ከሰዓት በኋላ ሦስት መንደር አካልሎ፣ በየደጁ «በእንተ ስማ ለማርያም» ብሎ፣ ውሻውን በዱላ እየመከተ ያመጣው ይኸው ነው። የመንደሩ ሴቶች ጨካኞች ሆነው አይደለም። ማሳው ለልጆች እየተከፈለ ጠቧል፤ የማዳበሪያው ዋጋ አልቀመስ ብሏል፤ ጤፉ ከጎተራ ቀጥታ ወደ ገበያ ይወጣል፤ ከእርሻው ገሚሱ ባሕር ዛፍ የሆነበትም ገበሬ አለ። ቀድሞ ባለቤቲቱ ስትጋግር የተማሪ ብላ አንድ ሁለት ታተርፍ ነበር። አሁን ለቤቷም ከበቃ ተመስገን ነው።

ወደ ከተማ ሲመጣ ደግሞ ሌላ ነው። ፍኖተ ሰላምም ቡሬም ውስጥ ብዙው ደመወዝተኛ እንጀራ ከሱቅ ቆጥሮ ይገዛል፤ ተቆጥሮ የተገዛ እንጀራ ደግሞ ትርፍ የለውም። አንድ ግቢ ውስጥ አምስት ስድስት ተከራይ ይኖራል፣ በሩ ቆርቆሮ ነው፣ ዝግ ነው። ተማሪው በሩ ላይ ቆሞ የማርያምን ስም ሲጠራ የሚሰማው የማን ቤት ነው? ሁሉም የጎረቤቱ እንግዳ ይመስለዋል።

ነገሩ የትናንት ብቻም አይደለም። ተማሪው ድሮም ለምኖ ያደረ ነው፤ መምህሩ ግን በቤተ ክርስቲያኗ መሬት ይተዳደር ነበር። በየካቲት 1967 ዓ.ም. የገጠርን መሬት የሕዝብ ሀብት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31 ወጣ። ለስንቱ ጭሰኛ ፍትሕ ያመጣ አዋጅ ነው፣ አልወቅሰውም። ሆኖም በዚያው አዋጅ የጉባኤ ቤቱ መተዳደሪያ አብሮ ሄደ፤ በምትኩ መምህሩ ምን ይብላ የሚለውን ጥያቄ ያነሣ አልነበረም። ሸክሙ እንዳለ በገበሬው ጫንቃ ላይ ወደቀ፤ ገበሬው ደርግንም ከደርግ ወዲህ ያለውንም ጊዜ ያንን ተሸክሞ ኖረ። ሳይጠየቅ፣ ሳይመሰገን። ስለ ባህል ጠባቂነት ሽልማት ቢሰጥ ኖሮ ቀዳሚው ተሸላሚ የጃቢ ጠህናን ወረዳ ባለ በቆሎ ገበሬ ነበር።

ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ ያለውን የጸጥታ ሁኔታ ከእኔ በላይ ታውቁታላችሁ። የቅኔ ተማሪ በተፈጥሮው መንገደኛ ነው፤ ከዋሸራ ወደ ጎንጅ፣ ከጎንጅ ወደ ዲማ እየዞረ አንዱ መምህር ያላሳየውን መንገድ ከሌላው ይማራል። ቤት የሚሞላው፣ ማለትም ሁሉንም የቅኔ ዓይነት መቀኘት የሚችለው፣ እንዲህ ነው። ሥልቻ አንግቶ ወደማያውቀው ቀበሌ የሚገባ ወጣት ሁሉ በጥርጣሬ በሚታይበት ጊዜ ግን መንገዱ አያስኬድም። «ማን ነህ? ከየት ነህ?» የሚለው ጥያቄ በየአቅጣጫው ይጠብቀዋል፤ እሱ ደግሞ ከደበሎውና ከአኩፋዳው ሌላ የሚያሳየው መታወቂያ የለውም። ስለዚህ ብዙዎቹ ካሉበት ሳይነቃነቁ ጀምረው ያልጨረሱትን ይዘው ይቀራሉ። ጎጃም ውስጥ በእግር ሳይዞሩ ባለቅኔ መሆን የተለመደ አይደለም።

እንዲህ ያለው ጥያቄ ወደ መንግሥት ቤት ሲቀርብ የሚሰማው መልስ የታወቀ ነው፤ ጉዳዩ የቤተ ክህነት ነው፣ ሃይማኖትና መንግሥት ተለያይተዋል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 11 ይህን ይላል፣ ልክ ነው። የዚያው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 41 ንዑስ አንቀጽ 9 ደግሞ የታሪክና የባህል ቅርሶችን መጠበቅ የመንግሥት ኃላፊነት መሆኑን ይደነግጋል። ላሊበላ ቤተ ክርስቲያን ነው፤ ሲጠገን ግን ጉዳዩ የቤተ ክህነት ብቻ ነው ያለ አልነበረም። ጥምቀትም በ2012 ዓ.ም. በዩኔስኮ መዝገብ ሲሰፍር የደስታ መግለጫ ያወጣው ማን እንደነበር እናስታውሳለን። በዚያ በጥምቀት ማኅሌት የሚባለው ቅኔ ተቀኚ ይፈልጋል፤ ተቀኚው ደግሞ የሚበቅለው እኔ በነገርኳችሁ ዓይነት የሣር ጎጆ ውስጥ ነው። በዓሉን ቅርስ ካልነው የበዓሉን ባለሙያ የሚያፈራውን ቤት ምን ልንለው ነው? አገራችን በ1998 ዓ.ም. ያጸደቀችው የማይዳሰሱ ባህላዊ ቅርሶች ስምምነትም ጥበቃ ሲል ቀረጻን ብቻ አይደለም፤ ዕውቀቱን ለተተኪ ማስተላለፍን በስም ጠቅሶ ይጨምራል።

ከቤተ ክህነቱም ወገን የሚነሣ ተቃውሞ አለ። አንዳንድ አባቶች ረሃቡ፣ ብርዱ፣ ውሻው የትምህርቱ አካል ነው፣ ያለ እሱ ቅኔ አይገባም ይላሉ። አከብራቸዋለሁ፤ አልስማማም። የዘጠኝና የዐሥር ዓመት ሕፃን እግሩ ቆስሎ፣ ዓይኑ ታሞ ሲንከራተት ማየት ባህል ተብሎ የሚቆለጳጰስ ነገር አይደለም። ደግሞም ምስክር አለኝ። ዓይነ ስውሯ እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ እዚሁ ጎጃም ስንቱን ወንድ ያስቀኙ የቅኔ መምህር ነበሩ። ለዚያ የበቁት በየሰው ደጅ ዞረው አልነበረም፤ አባታቸው ጉባኤ አጠገብ ተቀምጠው በጆሯቸው ተምረው ነው። ከእሳቸው ወዲህ ቅኔ ቤት የገባች ሴት ልጅ እምብዛም የማናየው ለምን ይመስላችኋል? ልጅቷ ጭንቅላት አጥታ ይሆን? ሴት ልጁን ለዓመታት በየመንደሩ ለምና እንድታድር የሚልክ አባት ስለሌለ ነው። እንጀራው በሌላ መንገድ ቢያዝ ያ በር ለሴት ልጅም ይከፈታል።

እንግዲህ የምጠይቀው ይህን ነው። አስቀድሞ ጉባኤ ቤቶቹ ይታወቁ፤ የት የት እንዳሉ፣ መምህሩ ስንት ዓመታቸው እንደሆነ፣ ስንት ተማሪ እንዳለ፣ ከመምህሩ በኋላ ወንበሩን የሚይዝ ሰው መኖር አለመኖሩ በየወረዳው ይጻፍ። ከዚያ ለመምህሩ ቀለብ ይቆረጥላቸው። ይህ እንግዳ አሳብ አይደለም። ደቡብ ኮሪያ እ.ኤ.አ. በ1962 ባወጣችው የቅርስ ጥበቃ ሕግ በተጀመረው ሥርዓት የባህል ዕውቀት ባለቤት ተብለው ለታወቁ አዋቂዎች መንግሥት በየወሩ ገንዘብ ይሰጣል፤ እነሱም በለውጡ ተተኪ የማስተማር ግዴታ አለባቸው። ካላስተማሩ ክፍያው ትርጉም የለውም። እኛ ዘንድ ግዴታውን ማስገባት እንኳ አያስፈልግም፤ የኔታ ሳይከፈላቸውም እያስተማሩ ነው። በየደረጃው ባህል ሲከበር ለመድረክ፣ ለድምፅ ማጉያ፣ ለባነርና ለታተመ ቲሸርት ከሚወጣው ላይ ተቀንሶ ስንት መምህር በእህል ማሳደር እንደሚቻል ሒሳቡን እናንተ አስሉት። ቲሸርቱ ከአንድ እጥበት በኋላ ለወለል መወልወያ ነው።

የተማሪውን መንገድ በተመለከተ የምጠይቀው ገንዘብ አያስወጣም። ወረዳውና ቤተ ክህነቱ በጋራ ማኅተም ያረፈበት የተማሪ መታወቂያ ይስጡት፤ ስሙ፣ የመጣበት ቀበሌ፣ የመምህሩ ስም፣ የደረሰበት ደረጃ። ጉባኤ ቃና ላይ ያለ፣ ዋዜማ የጀመረ፣ መወድስ የዘለቀ ተብሎ ይጻፍ። ወረቀቱ በየኬላው «ማን ነህ?» ለሚለው መልስ ይሆናል፤ ሌላም ጥቅም አለው። ሙሉ ቤት የተቀኘ ሰው ሰዋስውን፣ ግስን፣ አገባብን ከብዙ ተመራቂ በተሻለ ያውቃል፤ ግዕዝ የሚያስተምር መምህር ሲፈለግ ግን የሚያሳየው ወረቀት ስለሌለው ከበር ይመለሳል። የትምህርት ቢሮ ባልደረቦቻችሁን በዚህ ላይ ብታነጋግሩልን ምኞቴ ነው። ቀኑን በከፊል መደበኛ ትምህርት፣ በከፊል ቅኔ የሚማር ልጅ በፈረቃ የሚስተናገድበት መንገድም ቢታሰብ አይከፋም፤ እኔ በማስተምርበት ክፍል ሁለቱንም ካልያዝኩ ብለው የሚታገሉ ልጆች አሉ፣ ሲያንቀላፉም አልቀሰቅሳቸውም።

ለእናንተ ለከተማችን ነዋሪዎች ደግሞ አንድ ነገር አለኝ። በየወሩ በ12 የሚካኤልን፣ በ21 የማርያምን ጽዋ የምትጠጡ ማኅበርተኞች፣ ዳቦና ጠላ ተርፎ የሚበላሽበትን ቀን ታውቁታላችሁ። ማኅበራችሁ አንድ ጉባኤ ቤት ለይቶ ይያዝ። በወር አንድ ቀን መሶባችሁ ወደዚያ ይሂድ፤ ባይሆን ሁለት ጣሳ ሽሮ፣ ጥቂት ጨው፣ የበርበሬ አገር አይደለን፣ አንድ ኪሎ በርበሬም ቢሆን። ቆርቆሮ በራችን ዝግ ስለሆነ ተማሪው እኛ ዘንድ መድረስ ካልቻለ እኛ እሱ ዘንድ እንድረስ። ዕድሮቻችን ለቀብር ይህን ያህል ተደራጅተው ለዚህ አንዲት ጆንያ እህል ማሰባሰብ አያቅታቸውም። ቡሬ ላይ ያሉ የፋብሪካ ባለቤቶችም ለአካባቢው ሕዝብ ከሚያደርጉት ድጋፍ ላይ የቅኔ ቤት ድርሻ ቢቆርጡ ያምርባቸዋል። ባለቅኔ ደግሞ ውለታ አይረሳም፤ ስማቸው በመወድስ ሊነሣ ይችላል፣ ካልሰጡም እንዲሁ።

ስለ ጊዜው አንድ ነገር ብዬ ላብቃ። ተማሪ የሚበተነው በሐምሌና በነሐሴ ነው። የገበሬው ጎተራ ይራቆታል፣ ወንዙ ይሞላል፣ ለምኖ መመለስ አይቻልም። ስለዚህ ምዝገባው ከሰኔ በፊት ቢያልቅ የመጀመሪያው ቀለብ ለዚህ ክረምት ይደርሳል። ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ባለው መስመር ግራና ቀኝ ያሉትን ጉባኤ ቤቶች እኔና ጥቂት የሥራ ባልደረቦቼ ቅዳሜና እሑድ እየዞርን ያለ ክፍያ ልንመዘግብ ተስማምተናል። የመመዝገቢያውን ቅጽ አዘጋጅተናል። የሚያስፈልገን በየቀበሌው የሚያስገባን የመምሪያው የትብብር ደብዳቤ ነው።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የአማርኛ መምህር
ፍኖተ ሰላም